የአቶ በላቸው ስድስት ደቂቃ

እስራኤል አገር፣ ፔታህ ቲክቫ ከተማ ከሰፈሩት የጎንደር ሰዎች መካከል፣ ማለዳ በር ሲያንኳኳ የቤቱ ሰው ሁሉ የሚርድለት አንድ ሰው ቢኖር አቶ በላቸው ነበሩ። ክፋት ኖሮባቸው አይደለም፤ መርዶ የሚናገሩት እሳቸው ስለሆኑ ነው። አገር ቤት ሰው ሲሞት፣ ወሬው በስልክም ይምጣ በደብዳቤ፣ መጀመሪያ የሚደርሰው ከሽማግሌዎቹ ጆሮ ነው። ሽማግሌዎቹ ቀን ይቆርጣሉ። በተቆረጠውም ቀን፣ ጎሕ ሲቀድ፣ ባለ ሐዘኑ እህል ሳይቀምስና ወደ ሥራ ሳይወጣ፣ አቶ በላቸው ከፊት፣ ሌሎቹ ከኋላ ሆነው ደረጃውን ይወጣሉ።

ለዚህ ያበቃቸው አንደበታቸው አልነበረም። ፊታቸው ነው። ረዥም፣ ልሙጥ፣ ከጥርብ ድንጋይ የወጣ የሚመስል ፊት ነበራቸው፤ ደስታም ይምጣ ሐዘን ከቅንድባቸው አንዲት ፀጉር አትነቃነቅም። ባለቤታቸው ወይዘሮ ጥሩአየሁ በሠርጋቸው ዕለት ሙሽራው ታሞ እንደሆነ ሚዜውን በሰው አስጠይቀው እንደነበር እስከ ዛሬ ያወራሉ። መርዶ ነጋሪ ቀድሞ ካለቀሰ መርዶው ይበላሻል፤ ባለ ሐዘኑ በሩን ከፈት እንዳደረገ የሆነውን ሁሉ ከነጋሪው ዓይን ያነብና፣ የሚይዘው ሰው ሳይቀርብ ከነቁመቱ ይወድቃል። ከአቶ በላቸው ፊት ግን ማንም አንዳች አንብቦ አያውቅም። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ከሠላሳ በላይ መርዶ ሲናገሩ አንድም ሰው ሳይደገፍ አልወደቀባቸውም።

በቀረው ጊዜ ኪርያት አርዬ ካለ የጠርሙስ ክዳን ፋብሪካ ይሠራሉ። በፊታቸው የሚያልፉትን ሰማያዊ ክዳኖች እያዩ የተጣመመውን መልቀም ነው ሥራቸው። የፈረቃው አለቃ ስማቸው ስለከበደው «ቤኒ» ይላቸዋል። ልጃቸው ልደት በአማርኛ ሲጠይቋት በዕብራይስጥ ትመልሳለች። ክሊኒክ ሲሄዱ የሚያስተረጉምላቸው ሰው አብሯቸው መሄድ አለበት። በዚህ አገር በስማቸው ተጠርተው የሚሄዱበት፣ ሌላ ሰው የማይተካቸው ሥራ መርዶው ብቻ ነበር። ለማንም አውጥተው ባይናገሩትም፣ መርዶ ነጋሪነታቸውን ያጡ ዕለት የሚቀረው ቤኒ ብቻ እንደሚሆን ያውቁ ነበር።

በፈረንጆች አቆጣጠር በ1997 የጸደይ ወራት ልደት አሥራ ሰባት ዓመቷ ነበር። ማትናስ በሚሉት የሰፈሩ የባህል ማእከል የፊልም ትምህርት ትከታተል ነበር፤ ውጤቱም ለባግሩት፣ ማለትም ለሁለተኛ ደረጃ ማጠናቀቂያው ፈተና፣ ይቆጠርላታል። መምህርቷ ሮተም ፀጉሯን ተላጭታ የወታደር ጫማ የምታደርግ ወጣት ስትሆን፣ ለተማሪዎቿ የሰጠችው ርእስ «ወንድ ማለት ምን ማለት ነው» የሚል ነው። እያንዳንዱ ተማሪ ስድስት ደቂቃ የሚሆን፣ ታሪክ የሌለው የሙከራ ፊልም መሥራት አለበት።

አቶ በላቸው ታሪክ የሌለው ፊልም ምን እንዳለው ሲጠይቁ ልደት ሌሎቹ የሠሩትን ዘረዘረችላቸው። አንዱ ልጅ ጡረታ የወጣ የፓራሹት ጦር ሻምበል አጎቱን ቀርጿል፤ የሻምበሉ የዘጠና ዓመት እናት የእግሩን ጥፍር ይቆርጡለታል፣ በቃ። አንዲቷ የጭነት መኪና ሾፌር መኪናውን በእሹሩሩ ሲያስተኛ አሳይታለች። ሌላው ደግሞ ክንዱ የሰው ወገብ የሚያህል ክብደት አንሺ እንቁላል በማንኪያ አስይዞ ገበያውን ከዳር እስከ ዳር አሻግሮታል። እንቁላሉ አልተሰበረም፤ ሰውየው ግን ከዚያ ወዲህ ገበያ መውጣት ትቷል ይባላል።

አቶ በላቸው ይህን ሁሉ በጥሞና ሰምተው፣ ሌላ ትምህርት እንድትመርጥ ሊመክሯት ከንፈራቸውን ሲያላቅቁ ልጅቱ ቀደመቻቸው። በአማርኛ ነበር የተናገረችው።

«አባዬ፣ ለእኔ ብለህ ስድስት ደቂቃ ትቀመጥልኛለህ?»

ስንት ዓመት ሙሉ የጠበቁት ቋንቋ ነበርና እንቢ ማለት አልሆነላቸውም።

ቀረጻው የተካሄደው በማትናሱ ዕቃ ቤት ነው። ከአንድ ነጭ አንሶላ ፊት ወንበር ተደረገላቸው። ሮተም የምትለውን ልደት እየተረጎመች፣ ምንም እንዳይሠሩ ተነገራቸው። በሰደር፣ እሺ፣ እጃቸውስ ምን ይሥራ? እጃቸውም ምንም አይሥራ። ዓይናቸውስ? ካሜራውን ማየት ብቻ። ማየት ሥራ አይደለም ወይ ሲሉ ጠየቁ፤ ፋብሪካው የቀጠራቸው እንዲያዩ ነውና። ሮተም ይህ ሲተረጎምላት ደስ ብሏት በደብተሯ ጻፈችው።

ተቀመጡ። በመጀመሪያ፣ ከልማድ የተነሣ፣ የካሜራውን ክብ መስተዋት እንደ ክዳን እያዩ ጉድለት ፈለጉበት፤ አላገኙም። ከዚያ የሚፈልጉት ነገር አለቀ። ዕድሜያቸውን ሙሉ ይህን አድርግ፣ ያን አምጣ የሚላቸው እንጂ ምንም አትሥራ ያላቸው ሰው አልነበረም፤ አሁን እንዴት እንደሚሠራ ግራ ገባቸው። ጥቂት ቆይቶ አገጫቸው፣ ቀጥሎም ኮሌታቸው ሲርስ ተሰማቸው። ቀና ቢሉ ከራሳቸው በላይ ማዝጋኑ፣ አየር ማቀዝቀዣው፣ ተሰቅሏል። እያፈሰሰ መሆኑን ተረዱና ወንበራቸውን አንድ ስንዝር ያህል በትሕትና ወደ ግራ ሳብ አድርገው እንደገና ዝም አሉ። ስድስቱ ደቂቃ ሲያበቃ ሮተም አፏን በእጇ ይዛ ቆማለች፤ ልደት ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራለች።

«ማዝጋናችሁ ያፈሳል፤ ጠጋኝ ጥሩ» አሉ አቶ በላቸው። ኮፍያቸውን አድርገው ወደ ፈረቃቸው ሄዱ።

ፊልሞቹ ለሕዝብ የታዩት ከሁለት ሳምንት በኋላ፣ እሑድ ከቀትር በኋላ ነው። አቶ በላቸው ሥራ ላይ ስለነበሩ አልተገኙም፤ በአዳራሹ የሆነውን የሰሙት ኋላ፣ ከብዙ አፍ እየለቀሙ ነው። ልደት በሥራዋ ኮርታ የአባቷን ወዳጆች ሁሉ ጠርታ ነበርና ከፊት ረድፍ ሽማግሌዎቹ፣ ከኋላቸው ነጠላ የለበሱ ሴቶች ተቀመጡ። የሽማግሌዎቹ አውራ አቶ ብሩ ነበሩ፤ ነገርን ሁሉ ከውሳኔ ሳያደርሱ እንቅልፍ የማይወስዳቸው ሰው። ሻምበሉ እናቱን በማክበሩ አመሰገኑት። እሹሩሩ እየተባለለት የመኪናው ሞተር ለምን እንዳልጠፋ ጠየቁ። እንቁላሉ ገበያውን ተሻግሮ እስኪያበቃ ድረስ ግን ትንፋሻቸውን ውጠው ቆዩ።

ቀጥሎ የአቶ በላቸው ፊት ግድግዳውን ሞልቶ ወጣ። ድምፅ የለም፤ ሙዚቃ የለም። ቆይቶ ከዚያ ከማይነቃነቅ ፊት ላይ ውኃ ወረደ።

ያ ፊት ሲያለቅስ ያየ ሰው አልነበረም። ስለዚህ ነገሩ አንድ ብቻ ሊሆን ይችላል፦ ሰው ሞቶባቸዋል፤ ለመርዶ ነጋሪ ደግሞ መርዶ የሚነግረው ስለሌለ፣ ራሳቸው ለራሳቸው ነግረው፣ ብቻቸውን ዕቃ ቤት ገብተው አልቅሰዋል። በሙሾዋ የታወቀችው ፋንትነሽ ከመቀመጫዋ ተነሣች፤ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ስትጮኽ አዳራሹ በልቅሶ ተቀበላት። ሮተም ከማሳያው መሣሪያ ጀርባ ሆና ይህን አየች። በሕይወቷ ተመልካች እንዲህ ሲነካ አይታ ስለማታውቅ ልደትን አንገቷን አቅፋ አብራ አለቀሰች። ለውይይት የተዘጋጁት ጥያቄዎች ሳይነሡ የአዳራሹ እኩሌታ ንፍሮ ሊቀቅል ወጥቶ ሄደ።

አቶ በላቸው አመሻሽ ላይ ከፋብሪካ ሲመለሱ ከምኩራቡ የመጡ ወንበሮች እስከ ሦስተኛው ፎቅ ደረጃውን ይዘውታል። ቆሙ። የዚህን ትርጉም ከእሳቸው በላይ የሚያውቅ ሰው በፔታህ ቲክቫ አልነበረም። ልባቸው ወዲያው ወደ ታናሽ ወንድማቸው ወደ ስሜነህ ሄደ፤ ስሜነህ ወደ እስራኤል የሚመጣበትን ተራ ጎንደር ሆኖ ሲጠብቅ ሦስተኛ ዓመቱን ይዟል።

መርዶ መጣብኝ አሉ በልባቸው።

ሆኖም በዚያ ድንጋጤ ውስጥ እንኳ የሙያ ነገር ሆኖባቸው አሠራሩን ታዘቡ። መርዶ በምሽት ይነገራል? ሰው ምሳውን ከበላ በኋላ? በር ላይ ደግፎ የሚይዝ ጠንካራ ሰው እንኳ አላቆሙም። ነጋሪው ራሱ ባለ ሐዘን ሲሆን ሥራው እንዲህ መላ ቅጡን ያጣል ማለት ነው ብለው ለሽማግሌዎቹ አዘኑላቸው። ከዚያ ገብተው ምንጣፍ ላይ ተቀመጡና፣ ፊታቸው እንደወትሮው እንደሆነ፣ የሚነግራቸውን ሰው መጠበቅ ጀመሩ።

ሽማግሌዎቹም እሳቸው እንዲነግሯቸው ይጠብቁ ነበር። ባለ ሐዘን ማን ሞተብህ ተብሎ አይጠየቅም። መርዶ የመጣበት ሰውም ነጋሪውን አያጣድፍም። ስለዚህ አርባ የሚሆን ሰው በሁለት ክፍል ተጨናንቆ፣ በፍጹም ጨዋነት፣ እርስ በርሱ ይጠባበቅ ጀመር። ወይዘሮ ጥሩአየሁ ጋኔይ ቲክቫ ካለው የጽዳት ሥራቸው ሲመለሱ ሕዝቡን አይተው ደረታቸውን ደቁ፤ አቶ በላቸውም የሚስታቸውን ልቅሶ አይተው ነገሩ እርግጥ መሆኑን አወቁ። ልደት ከማትናሱ እየሮጠች ስትደርስ እናቷን አይታ ማልቀስ ጀመረች፤ ሽማግሌዎቹም የልጅቱን ልቅሶ ሲያዩ የቀረቻቸው ጥርጣሬ ለቀቀቻቸው። ንፍሮው ሁለት ጊዜ ዞረ።

ከብዙ ቆይታ በኋላ አቶ በላቸው አልቻሉም። ሥርዓቱን ጥሰው ወደ አቶ ብሩ ጆሮ ጠጋ አሉ።

«አያ ብሩ፣ ስሜነህ ነው?»

አቶ ብሩ ዓይናቸውን ጨፈኑ። ስሙን በመጨረሻ አገኙት። ወደ ጎረቤታቸው ዞረው፣ «ስሜነህ ነው» አሉ፤ አቶ በላቸውም ይህንኑ ሰምተው አንገታቸውን ደፉ። ስሙ በክፍሉ ዞሮ ከሴቶቹ ዘንድ ሲደርስ ፋንትነሽ ሳትውል ሳታድር ግጥም አበጀችለት። ስሜነህን በዓይኗ አይታው አታውቅም፤ ግን ወንድ የሞተበት ቤት የሚባለው ይታወቃልና ፈረሱን፣ ጠመንጃውንና ጠላት ያባረረበትን ሜዳ አንድ በአንድ አወደሰች።

ስሜነህ ልብስ ሰፊ ነው። ፈረስ ይፈራል።

አቶ በላቸውን የከነከናቸው ይህ ነው። በሠላሳው መርዶ ውስጥ አንድ ቃል ጨምረው አያውቁም፤ ለገዛ ወንድማቸውማ እንዴት ተደርጎ? እንግዲህ ስለ ሟች ወሬ ሲቀበሉ ሁልጊዜ የሚጠይቁትን ጠየቁ፤ መቼ ዐረፈ፣ የት ተቀበረ፣ በማን በኩል ተሰማ?

አቶ ብሩ ግር አላቸው። «እኛማ ከአንተ ነው የሰማነው።»

«ከእኔ? መቼ ነገርኋችሁ?»

«ፊልሙ ላይ ስታለቅስ አየንህ እኮ።»

«እኔ አላለቀስሁም» አሉ አቶ በላቸው። «ማዝጋኑ ነው።»

ልቅሶው ቀጥ አለ። ልደት እንባዋን በእጅጌዋ ጠርጋ ተነሣች፤ ከቦርሳዋ ካሴቱን አውጥታ ቪዲዮው ውስጥ ከተተችው። አርባው ሰው ንፍሮውን በመዳፉ እንደያዘ ወደ ቴሌቪዥኑ ዞረ። አቶ በላቸው የገዛ ፊታቸውን ለመጀመሪያ ጊዜ ይህን ያህል ጊዜ ተመለከቱት። ውኃው ከላይ አልመጣም። ከሁለቱም ዓይኖች፣ እኩል፣ ቀስ ብሎ ይወርዳል። ወንበሩን ወደ ግራ ሲስቡት እንባውም አብሮ ወደ ግራ ሄደ።

አቶ ብሩ ብዙ ካሰቡ በኋላ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ስማኝ በላቸው። ሰው ሳይሞት የሚያለቅስ መርዶ ነጋሪ ሊኖረን አይችልም፤ ፊትህን ማን ያምናል? ማዝጋን ነው ካልህ ግን እዚህ ያለነው ሁሉ ማዝጋን ነው እንላለን። በዚሁ ይለቅ።»

አርባ ራስ ተነቀነቀ። ፋንትነሽማ ጠብታው ከላይ ሲወርድ በዓይኗ ማየቷን ለመመስከር እጇን አወጣች።

አቶ በላቸው ከአንዲት ቃል በቀር የሚጠበቅባቸው ነገር አልነበረም። ቃሏን ቢሏት መርዶው በእጃቸው ይቀራል። ነገር ግን አንድ ጊዜ ያልሆነውን ሆነ ያለ ሰው፣ ነገ በሰው በር ቆሞ እናትህ ሞተች ሲል ምን ብሎ ይታመናል?

«ከዓይኔ ነው የወጣ» አሉ።

«ስለ ማን?»

«ስለ ማንም። ምንም አትሥራ አሉኝ፤ ምንም ሳልሠራ ወጣ።»

ሽማግሌዎቹ አንድ በአንድ ተነሥተው ወጡ። በማግሥቱ ጎንደር ስልክ ተደውሎ ስሜነህ ደህና መሆኑ ታወቀ፤ የራሱን ልቅሶ ሲሰማ የገረመው ፈረሱ ብቻ ነበር።

ከዚያ በኋላ የነበሩት ቀኖች ለአቶ በላቸው ከባድ ነበሩ። አንድ ማለዳ መሰላል ሊዋሱ የጎረቤት በር ቢያንኳኩ፣ ሰውየው ፈገግ ብሎ ከፈተና ግቡ እንጂ አላቸው። ድሮ በዚያ ሰዓት እሳቸውን ሲያይ ግድግዳ ይይዝ ነበር። ደረጃ ላይ ያገኟቸው ሴቶችም በደስታ እጅ ነሷቸው፤ ልጆች ከኋላቸው እየሮጡ አለፉ። ማንም የማይፈራቸው ሰው ሆኑ። ፋብሪካ ሲደርሱ አለቃው ቤኒ ብሎ ሲጠራቸው፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳይዘገዩ አቤት አሉ።

በሚቀጥለው እሑድ ሽማግሌዎቹ ተተኪ ሊመርጡ በማትናሱ ተሰበሰቡ። አቶ ብሩ ከእንግዲህ በስማ በለው የሚሾም እንደማይኖር ተናገሩ፤ ፊት በካሜራ ይፈተናል፣ ስድስት ደቂቃ የቻለ ይይዘዋል። ሮተም ይቅርታ ልትጠይቅ ኬክ ይዛ መጥታ ነበር፤ የተጠየቀችው ካሜራዋን ሲሆን ጆሮዋን አላመነችም። ነጩ አንሶላ እንደገና ተሰቀለ። አቶ በላቸውም እንዲያዩ ተጠርተው ከኋላ ወንበር ተቀመጡ።

በጀግንነታቸው ብዙ የተወራላቸው አቶ አዝመራ ቀዳሚ ሆኑ፤ በአርባኛው ሰኮንድ ሳቅ ጀመራቸውና ማቆም አቅቷቸው በሰው ተደግፈው ወጡ። የሱቅ ዘበኛው አቶ ሚሊዮን ስድስቱን ደቂቃ ድንቅ አድርገው ጨረሱ፤ ከሦስተኛው ደቂቃ ጀምሮ ግን ተኝተው እንደነበር ልደት በካሴቱ አሳየች። ተኝቶ መርዶ መናገር ይቻል እንደሆነ የተነሣው ክርክር ከፈተናው ይልቅ ረዘመ። አንድ ሌላ ሰው ካሜራውን ለረጅም ጊዜ አይቶ ይቅርታ ጠየቀው፤ ስለ ምን እንደሆነ ግን አልናገርም አለ። በመጨረሻ አቶ ብሩ ጋቢያቸውን አስተካክለው ራሳቸው ተቀመጡ። በአንድ ደቂቃ ከሃምሳ ሰኮንድ አገጫቸው ተንቀጠቀጠ። አንድ ጊዜ ቀና ብለው ማዝጋኑን ፈለጉ፤ አቶ በላቸው ያፈሳል ስላሉ ለጥገና ተነቅሎ ነበር። ከዚያ በኋላ አለቀሱ፤ ፈተናው አልቋል ቢባሉም ትንሽ ልቆይ ብለው ከወንበሩ አልነሣ አሉ።

ልደት ሁሉንም በወረቀት ይዛለች። የአባቷ የመጀመሪያ እንባ የወረደው በአራት ደቂቃ ከሃያ ሰኮንድ ነበር፤ ከተፈተኑት ዘጠኝ ወንዶች ነቅቶ እዚያ የደረሰ አልተገኘም። አቶ ብሩ አፍንጫቸውን በመሐረብ ጠራርገው ውሳኔ ሰጡ፦ መርዶው ለበላቸው ይመለስ፤ ነገር ግን ከባለ ሐዘን ፊት ከአራት ደቂቃ በላይ አይቆይ፤ ሰዓቱን እኔ ራሴ እይዛለሁ። ያላ፣ በሉ እንግዲህ፣ ብለው ኬኩን ቆረሱ። ሮተም ይህ ሁሉ ሲሆን ካሜራዋን አላጠፋችም።

ወር ሳይሞላ ሥራ መጣ። ራማት ቬርበር የምትኖር፣ አረጋውያንን የምትንከባከብ ሚርያም የምትባል ሴት እናቷ አገር ቤት ዐርፈውባት ነበር። ጎሕ ሲቀድ ደረጃውን ወጡ፤ አቶ በላቸው ከፊት፣ አቶ ብሩ ሰዓታቸውን ይዘው ከኋላ። በሩ ሲከፈት ሴቲቱ አቶ በላቸውን አይታ ግድግዳውን ያዘች። በዚያው ፊት፣ ቃል ሳይጨምሩና ሳይቀንሱ ነገሯት። ወደቀች፤ ደግፈው ያዟት። ሁለት ደቂቃ እንኳ አልፈጀም።

ልማዱ ከዚህ በኋላ ልቅሶውን ለሴቶቹ ትቶ መውጣት ነበር። አቶ በላቸው ግን ከሚርያም አጠገብ ወንበር ስበው ተቀመጡና እጃቸውን በጉልበታቸው ላይ አኖሩ። ምንም አልሠሩም። አቶ ብሩ ጉሮሯቸውን ጠረጉ፤ ሦስት ደቂቃ አለፈ፤ ሦስት ተኩል ሆነ። ጎንበስ ብለው የአቶ በላቸውን እጅጌ ሳብ አደረጉ።

«በላቸው፣ ሰዓቱ ደረሰ።»

«ይድረስ» አሉ አቶ በላቸው፤ ከተቀመጡበትም አልተነሡም።